ወንዝ ዳር የቆመችው አህያ

ጠጋ ጠጋ በሉ ልጆች፤ አህያም ወንዝም አፍ ፈትተው ይነጋገሩ በነበረበት ዘመን የሆነውን ላውጋችሁ።

ሁለት እህትማማች አህዮች በአንድ ገበሬ በረት ይኖሩ ነበር። ታናሺቱ ጭነቱ ሲመርራት አጥር ዘልላ፣ ወንዝ ተሻግራ ሜዳ ገባች። ከዚያ ወዲህ ሰው የሜዳ አህያ ይላታል። ታላቂቱ ቀረች።

ታናሺቱ እህቷን አልረሳቻትም። በመኸር መጥታ እንሂድ አለቻት። ታላቂቱ ገለባው ጥሩ ነው፣ ውድማው ይነሳና እሄዳለሁ አለች። በበጋ ተመልሳ መጣች። ታላቂቱ ጀርባዬ ቆስሏል፣ ቁስሌ ይሻርና እሄዳለሁ አለች። ክረምት ሊገባ ሲል ለሦስተኛ ጊዜ መጥታ ከማዶ ተጣራች።

ታላቂቱ ወንዝ ዳር ወረደች። ወንዙም፣ "ዛሬ ከጉልበትሽ አልበልጥም፤ የነገውን እንጃ" አላት።

"ነገ በጠዋት እሻገራለሁ" አለች።

በማግስቱ ወንዙ ደፍርሶ ከዳር እስከ ዳር ሞላ። ክረምቱ አልፎ ውሃው ሲጎድል ማዶ ማንም የለም፤ ታናሺቱ ከመንጋዋ ጋር ሣር ፍለጋ ርቃ ሄዳለች።

ከዚያ ወዲህ አህያዋ ከጭነት በተፈታች ቁጥር ገለባዋን አስተርፋ ወንዝ ዳር ትቆማለች። ውርንጭላ ወለደች፤ ውርንጭላዋ ጡት ስትፈልግ እሷ ማዶ ታያለች። አንድ ቀን፣ "ያን ዕለት ብሻገር ኖሮ ምን እሆን ነበር?" ብላ ወንዙን ጠየቀችው።

"ያን ዕለት የነበረው ውሃ ሄዷል፤ እኔ አላውቅም" አላት። "የማውቀው፣ ልጅሽን ከታች ረግረግ ይዟት እየጠራችሽ ነው።"

ሮጠች። ውርንጭላዋ እስከ ደረቷ ጭቃ ገብታ ድምጿ ሰልሏል። እናት ጋማዋን ነክሳ ጎተተች፤ ተንሸራተተች፤ እንደገና ጎተተች፤ አወጣቻት። ጭቃውን እየላሰችላት አለቀሰች።

ጸጸቱ ግን አልለቀቃትም። ውሃ ልትጠጣ በወረደች ቁጥር ማዶውን አየት ታደርጋለች፤ ከዚያ ዞራ ልጇን ታጠባለች።

ልጅቱ ስታድግ ስለ ማዶው ጠየቀቻት። የአክስትሽ አገር ነው አለቻት። ልጅቱም ልሂድ ወይ አለች። እናት፣ ቆይ፣ ይህ ወር ይለፍ ልትል አፏን ከፈተች፤ ቃሉን ዋጠችው።

"ውሃው ዝቅ ብሏል ልጄ። አሁን ሂጂ።"

"አንቺስ?"

"የእኔ እግር ከእንግዲህ ድንጋዩን አይችልም። ሂጂ፣ አይሻለሁ።"

ልጅቱ ተሻገረች። እናቲቱ ጭራዋ በሣሩ እስኪሰወር አየቻት፤ ከዚያ ወደ በረቷ ተመልሳ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ ገለባዋን ሳታስተርፍ በላች።

እኔ የሰማሁትን ነገርኳችሁ፤ እናንተ ደግሞ ያዙት፦ ጸጸት ወንዝ ዳር ያቆማል እንጂ አያሻግርም።