የቀጠሮ ሹሙ ጅብና ያበዱት ቀኖች

አንድ ጊዜ፣ በአንድ ቀን ሰባት ጀንበሮች በየተራ በሚወጡበት ዘርማይ በሚባል አገር፣ ቀን እንደኛ አገር ቀን ዝም ብሎ አያልፍም ነበር። ቀጠሮ የተሰጠበት ቀን ቀጠሮው ካልተፈጸመለት ያብዳል። ያበደ ቀን ደግሞ አዙሪት ሆኖ በየሜዳው እየተሽከረከረ የነካውን ሁሉ ዕድሜ ያዘባርቃል። አውራ ዶሮ ገብቶበት እንቁላል ሆኖ ተንከባሎ ወጥቷል። ገና ትናንት የተወለደ የፍየል ግልገል ገብቶበት ጢሙን አንዠርግጎ ወጥቷል።

ንጉሡ አንበሳ መላ ፈለገና እነዚህን አዙሪቶች የሚገራ አለቃ ሾመ። ማንን? ጅብን! የአገሩ የቀጠሮ ሹም ሆኖ፣ የመጣውን ባለጉዳይ ሁሉ «ነገ ተመለስ» እያለ ቀኖቹን ያሳበዳቸው እሱ ራሱ አልነበረም እንዴ? ነበር። ግን አንበሳ በቀለደ ቁጥር ከሁሉም ጮክ ብሎ የሚስቅ እሱ ነው፤ ተሾመ፣ አበቃ።

አንድ ማለዳ አህያ እያለከለከች ጅቡ ዘንድ መጣች።

«አያ ጅቦ፣ ኧረ ይድረሱልኝ! የሁለት ወር ውርንጭላዬን አዙሪት ነካብኝ። በየጀንበሩ አንድ ዓመት እያረጀ ነው። አራት ቀን አይቆይልኝም! አዙሪቱ ከተገራ የወሰደውን ዕድሜ ይመልሳል ይላሉ።»

ጅቡ ቅልጥም እየቆረጠመ ነበር፤ ቀና እንኳ አላለም። «ልጅሽን እናድናለን። ነገ ነይ።»

በማግስቱ ማመልከቻ ይዛ መጣች። ጅቡ ስብሰባ ላይ ነው ተባለች። ስብሰባው ከአንድ የሞተ በሬ ጋር ነበር። በዚያው ዕለት የጅቡ ደጅ ላይ አንድ አዲስ አዙሪት ብቅ አለ፤ ጅቡ ግን ልብም አላለው።

በሦስተኛው ቀን ደግሞ የጅቡ ጸሐፊ ቀበሮ ተቀበለቻት።

«እመት አህያ፣ ማመልከቻሽ ውድቅ ሆኗል።»

«ምን አጠፋሁ?»

«ማመልከቻው ‹ውርንጭላ› ይላል። እኔ ሄጄ ሳየው ሽማግሌ ነው። በአዲስ መልክ ጽፈሽ አምጪ።»

«እስክጽፈው ይሞትብኛል እኮ!»

«እንግዲያው ከአሁኑ ‹ሟች› ብለሽ ጻፊው፤ እንዳትመላለሺ ብዬ ነው።»

አህያዋ አንጀቷ አረረ። ቤቷ ስትደርስ ልጇ ፀጉሩ ሸብቶ፣ ጥርሱ ረግፎ፣ ጡቷን ፍለጋ እየዳበሰ መጣ። «እማ፣ ጉልበቴን አመመኝ» አላት። ከዚህ በላይ ምን ይመጣብኛል ብላ ልጇን ወደነካው አዙሪት ገሰገሰች።

«አንተ! ምን በደልንህ? ለመሆኑ ማን ነህ?» ብላ ጮኸችበት።

አዙሪቱ ቀጥ ብሎ ቆመ። እስከዚያ ቀን ሁሉም ይሸሸው ነበር እንጂ ማንም ጠይቆት አያውቅም።

«ማክሰኞ ነኝ» አለ። «ኤሊ በሯ ላይ ግንድ ወደቀባት። ጅቡ ‹ማክሰኞ ይነሣልሻል› አላት። እኔ መጣሁ፤ ጅቡ ግን የለም። ግንዱ ሳይነሣ እንዴት ልለፍ? የትስ ልግባ?»

«ይኸው ነው? ልጄን ያስረጀብኝ አንድ ግንድ ነው?»

አህያዋ እየሮጠች ሄዳ ግንዱን በደረቷ ገፋች። አልነቃነቅ አለ። እንደገና ገፋች። ደረቷ ተልጦ፣ ላቧ ጠብ እያለ፣ በመጨረሻ ገለበጠችው። ኤሊ አንገቷን ብቅ አድርጋ «ማክሰኞ ሆነ እንዴ?» ብላ ጠየቀች።

አዙሪቱ እንደጠገበ ጥጃ ረጋ፤ ከዚያም ቀስ ብሎ አለፈ። ውርንጭላው ጥቁር ፀጉሩ ተመልሶለት፣ እየቦረቀ መጥቶ ጡቷ ላይ ተለጠፈ። አህያዋም እዚያው ተንበርክካ ስቅስቅ ብላ አለቀሰች።

ወሬው አንበሳ ጆሮ ደረሰ። ቀበሮ ቶሎ ብላ «ይህ የሆነው በጽሕፈት ቤታችን ብርቱ ክትትል ነው» ስትል አስታወቀች። አንበሳም ጅቡን ካባ አለበሰው።

ጅቡ ካባውን እንደደረበ ሌላ ሐሳብ መጣለት። «ስሚ ቀበሮ፣ ደጄ ላይ ወዳለው አዙሪት ጫጩት ገብታ ዶሮ ሆና ስትወጣ በዓይኔ አይቻለሁ። ለእጅ መንሻ የመጣልኝ ጥጃ ደግሞ አጥንቱ ብቻ ነው። ባስገባውስ?»

ቀበሮ የጅቡን ወንበር ሰረቅ አድርጋ አየችው። «ድንቅ ነው ጌታዬ! ሰንጋ ሆኖ ይወጣል። ብቻውን ከገባ ግን በወዲያ በኩል ያመልጥዎታል። የታሰረበትን ገመድ በጥርስዎ ነክሰው አብረውት ይግቡ።»

«እኔም ይህንኑ ላስብ ስል ነው የቀደምሽኝ» አለ ጅቡ።

ገቡ። ጥጃው ሻኛው የተወዘወዘ ሰንጋ ሆኖ ወጣ። ጅቡም ወጣ፤ ጀርባው ጎብጦ፣ ካባውን መሬት ለመሬት እየጎተተ። ጥርሶቹ ገመዱ ላይ እንደተሰኩ ቀርተዋል። ሰንጋውን ሊነክሰው ዘሎ በድዱ ላሰው። ሰንጋውም የጅቡ ድድ ኮርኩሮት ዘወር አለና አንድ ርግጫ አቅምሶት ወደ ሜዳው ሄደ።

ጅቡ ያን ጊዜ አህያዋ ያደረገችው ትዝ አለው። «አንተ አዙሪት፣ ማን ነህ? የተቀጠርክለትን ጉዳይ ንገረኝ፤ አሁኑኑ እፈጽመዋለሁ!»

«አህያዋን ‹ልጅሽን እናድናለን፤ ነገ ነይ› ብለህ የቀጠርክላት ቀን ነኝ።»

«ልጇ እኮ ድኗል!»

«ድኗል» አለ አዙሪቱ። «ያዳነችው ግን እናቱ ናት። ለአንተ የቀረ ሥራ የለም። እኔም የምገራበት ነገር የለኝም፤ ዕድሜህም እዚሁ ይቀራል።»

ጅቡ ዋይታውን አቀለጠው። ይህን ጊዜ ቀበሮ ከጅቡ ወንበር ላይ ሳትነሣ አንገቷን በመስኮት አወጣችና «አባባ፣ ከመሄድዎ በፊት ካባውን ያስረክቡ» አለችው።

ከዚህ የምንማረው ባለጉዳይን በቀጠሮ የሚያስረጅ ሹም፣ ራሱ ሲቸገር የሚደርስለት ቀን እንደማያገኝ ነው።