በር የያዘችው ወረቀት

አንድ ደግ ንጉሥ ነበር። አገሩ የባለ እጅ አገር ናት፤ አንጥረኛው፣ ሸማኔው፣ ግንበኛው፣ መድኃኒት ቀማሚው ሞልቷል። ነገር ግን አንድ አዋቂ በሞተ ቁጥር የሚያውቀውም አብሮት ይቀበራል። ይህ ነገር ንጉሡን አንገበገበውና አዋጅ አስነገረ። «ጥበብ ያለህ ሁሉ፣ ለጸሐፊ እየነገርክ አስጽፍ። ወረቀቱን ወደ ግቢዬ አምጣ። ቤት ሠርቼ አስቀምጥልሃለሁ፤ የተቸገረ ሁሉ መጥቶ ይጠቀምበታል።»

ቤቱ ተሠራ። ጠባቂ ሲያስፈልግ ንጉሡ አጋፋሪ ይርዳውን ሾመው። ይርዳው ሠላሳ ዓመት ሙሉ በንጉሡ የግብር ግብዣ ላይ እንግዳ ሲያስቀምጥ የኖረ ሰው ነው። ማን ከንጉሡ ቀኝ፣ ማን ከምሰሶው አጠገብ፣ ማን ከበሩ ሥር እንደሚቀመጥ አይቶ ብቻ ያውቃል። አንድ ቀን እንኳ ተሳስቶ ባለ ማዕረግ አስቀይሞ አያውቅም። ጸሎተኛም ነው። የአዲሱን ቤት ቁልፍ ሲረከብ ተንበርክኮ «ጌታዬ ሆይ፣ አደራህን አታሳፍረኝ» አለ።

እናም የሚያውቀውን ሠራ፤ ወረቀቶቹን እንደ እንግዳ አስቀመጣቸው። መኳንንቱ ያስጻፉት ከላይኛው መደርደሪያ፣ ቀይ ሐር ተነጥፎለት። የካህናቱ ከዚያ ቀጥሎ። የነጋዴው መካከል ላይ። የባለ እጁ ደግሞ ከበሩ አጠገብ መሬት ላይ። ያየው ሁሉ «ይርዳው ሲያሳምረው!» አለ። እሱም ደስ ብሎት አመሰገነ።

አንድ ቀን ድንቄ የምትባል ሸክላ ሠሪ አንዲት ጥቅል ወረቀት በነጠላዋ ጫፍ ቋጥራ መጣች።

«ምንድን ነው የያዝሽው?» አላት።

«የውሃ ነገር ናት ጌታዬ። የደፈረሰ ውሃ የሚያጠራ ገንቦ አሠራር።»

«ደግ። እዚያ ከበሩ ሥር አኑሪያት።»

ድንቄ ቀዩን ሐር አየች፤ በሩንም አየች፤ ሳቅ አለች። «እኔስ በር ሥር መቀመጥ ለምጄዋለሁ። ወረቀቴንም ብርድ ይምታት?»

«ወረቀት ጉንፋን አይዘውም። አኑሪያት ብያለሁ!»

«እሺ። የሚፈልጋት ሰውስ በምን ያገኛታል?»

«የማን እንደሆነች ይነግረኛላ፤ እኔም አወጣለታለሁ።»

«የኔን ስም ማን ያውቃል ጌታዬ? የተቸገረ ሰው የሚያውቀው ችግሩን ብቻ ነው» ብላ እጅ ነስታ ወጣች።

ይርዳው «አቤት ምላስ!» ብሎ ሳቀ። በማግስቱ ነፋስ በሩን ሲያንገጫግጭበት አጠገቡ ያገኛትን የድንቄን ጥቅል አነሳና በሩ ተከፍቶ እንዲቆም ከሥሩ ሸጎጣት። በሩ ጸጥ አለለት፤ እሱም ረሳት።

ዓመት አለፈ። ክረምቱ ሊወጣ ሲል ቆላ ከተዳረችው ልጁ ከአትጠገብ መልእክተኛ መጣ። ተራራ ተንዶ ምንጫቸውን ደፍኖታል። የሚጠጡት የወንዝ ጭቃ ነው፤ በየቀኑ አፍልተው እንዳይጠጡ ማገዶ የለም። ሕፃናቱን ተቅማጥ እየጨረሳቸው ነው። «የኔም ስንዱ ተኝታለች። አባዬ፣ ያ የጥበብ ቤት አንተ እጅ አይደለም እንዴ? አንድ ነገር ፈልግልን» ብላ ልካለች። ስንዱ አምስት ዓመቷ ነው፤ ይርዳው ያለችው አንዲት የልጅ ልጅ እሷ ናት።

ይርዳው ወደ ጥበብ ቤቱ ሮጠ። ትልቅ ችግር ነውና ትልቅ ሰው ይፈታዋል ብሎ ከላይ ጀመረ። የአንዱን መኰንን ገለጠ፤ ስለ በቅሎ አገራር ነው። የሌላውን ገለጠ፤ ስለ ጠጅ አጣጣል ነው። አንዱ ላይ «ውሃ» የሚል አየና ልቡ ዘለለች፤ ሲያነበው ባለቤቱ በዘመቻ ስንት ወንዝ እንደተሻገሩ ይቆጥራል። ሦስት ቀን ፈለገ። ቤቱ ጥበብ ሞልቶታል፤ ወደ ጥበቡ የሚያደርስ መንገድ ግን የለውም።

በሦስተኛው ቀን መልእክተኛው ገባና «አጋፋሪ፣ እንግዲህ ልመለስ ነው። ለእትዬ አትጠገብ ምን ብዬ ልንገራት?» አለው።

 ይርዳው እዚያው ወረቀቱ መሃል ተንበረከከ። «ጌታዬ ሆይ፣ እኔ ሰው ማስቀመጥ እንጂ ሌላ አላውቅም። የት ልፈልግ?»

መልእክተኛው አዝኖ ሲወጣ ሊዘጋው በሩን ሳበ። በሩ እምቢ አለ። ጎንበስ ብሎ ከሥሩ የተሸጎጠውን መዘዘና «ይሄ ደግሞ ምንድን ነው በሩን የያዘው?» አለ።

ይርዳው ጥቅሏን አየ። ያን ጊዜ የሴትዮዋ ቃል በጆሮው ጮኸ፤ የተቸገረ ሰው የሚያውቀው ችግሩን ብቻ ነው። ተቀብሎ ፈታት።

«የሸክላ አፈር ከተነፋ ገለባ ጋር ይቦካል። ሲተኮስ ገለባው ተቃጥሎ ዓይን የማያየው ቀዳዳ ይተዋል። ያንን ገንቦ በሌላ እንስራ አፍ ላይ ማስቀመጥ ነው። ጭቃው ከላይ ይቀራል፤ ውሃው ጠብ ጠብ እያለ ይወርዳል።»

ጥቅሏን ለመልእክተኛው እየሰጠ «ሂድ! ብረር!» አለው። «ለአገራችሁ ሸክላ ሠሪዎች አንብቡላቸው!» ሦስት ቀን ሙሉ ያቺን ጥቅል በእግሩ እየተሻገረ ሲገባ ሲወጣ ነበር። ይህን አስቦ አለቀሰ።

ከወር በኋላ ቃል መጣ። ገንቦው ተሠርቷል፤ ውሃው ጠርቷል። ስንዱ ከስታለች እንጂ ተርፋለች፤ እንጎቻ ጋግሩልኝ እያለች እናቷን ታስቸግራለች። ሦስቱ ቀን የረዘሙባቸው ቤቶች ግን ነበሩ፤ እነሱ ለቅሶ ተቀምጠዋል።

ይርዳው እያመሰገነም እያፈረም ከንጉሡ ፊት ቆመ። «ጃንሆይ፣ ጥፋቱ የኔ ነው። ወረቀቱን እንደ ሰው አስቀመጥኩት።»

«ታዲያ እንዴት ይቀመጥ?»

«እንደ ችግሩ። የውሃው ከውሃው፣ የእህሉ ከእህሉ፣ የበሽታው ከበሽታው። ያስጻፈው ሰው ስም ጫፉ ላይ ይጻፍ፤ መቀመጫ ግን አይሁነው።»

«ስለ ጭልፊት ያስጻፍኳት የኔዋስ?»

«ከዶሮ አረባቡ ጋር ትገባለች ጃንሆይ። ዶሮ ለሚጠብቅ ትጠቅማለች።»

ንጉሡ እስኪያስለው ሳቀ። ቀጥሎም ሁለተኛ አዋጅ አስነገረ። የመጀመሪያው ጥበብን ስለ መሰብሰብ ነበር፤ ይሄኛው የተሰበሰበው እንዲገኝ ነው።

ይርዳው ከግቢ ወጥቶ በቀጥታ ድንቄ ቤት ሄደ። እጇ እስከ ክርኗ ጭቃ ነው። መደብ ላይ ነጠላውን አነጠፈላትና «ከፍ ብለው ይቀመጡ እመቤቴ» አላት። እሱ መሬት ላይ ተቀመጠ። «የልጅ ልጄን አተረፉልኝ። እግዚአብሔር ይስጥልኝ።»

ድንቄ በጭቃ እጇ አፏን ይዛ ሳቀች። «ኧረ ተው ጌታዬ! እኔስ ብቆምም ግድ የለኝ። ወረቀቴ ተቀመጠች ወይ?»

«ተቀምጣለች። ውሃ የቸገረው ሁሉ ከሚያገኛት ቦታ።»

«እንግዲያ እሱ ይመስገን» አለች፤ ወደ ሸክላዋም ተመለሰች።

ወገኖቼ፣ እግዚአብሔር ጥበብን ለአገራችን ሳይሰስት ሰጥቶናል፤ ለዚህ ሁልጊዜ ምስጋና ይገባዋል። ሲያድልም ማዕረግ አላየም። ለአንዱ በቤተ መንግሥት፣ ለአንዷ በጭቃ መሃል ሰጠ። መሰብሰቡ ደግ ነው፤ የተሰበሰበው ለተቸገረው ሰው በሚያስፈልገው ሰዓት ካልደረሰ ግን እንዳልተሰበሰበ ነው። ምስጋናችንም የሚሞላው የተሰጠንን ሌላው እንዲያገኘው አድርገን ስናስቀምጥ ነው።

እስቲ ዛሬ በየቤታችንና በየሥራ ቦታችን እንይ። በራችንን የያዘችው ወረቀት የማን ናት?