ባለ ባርኔጣው እንግዳና የዓሣ ነባሪው ጥርስ

በእኛ በፊጂዎች ዘንድ፣ ሰው ተጣድፎ ገብቶ የገዛ ጉዳዩን ሲያበላሽ የምንላት አንዲት አባባል አለች። ዛሬ የሱቫ ከተማ ጎረምሳ ሁሉ አፉ ውስጥ ናት፤ ሠርግ ላይ ሳይጠራ ለገባም፣ አውቶቡስ ለተሳሳተም ይተርታታል። ኧረ በሕግ አምላክ! ይህች አባባል የአውቶቡስ አይደለችም፤ የናቩሉ መሬት የተረፈ ዕለት የተባለች ናት። እናቴን የወለደችው ቪሊማይና በዐይኗ ያየችውን ልንገራችሁና፣ ከዚያ በኋላ እንደ ፈለጋችሁ ተርቱ።

ዘመኑ እንግሊዞች የሚገዙን ነው። ናቩሉ መንደራችን ከወንዙ ማዶ ለም መሬት አላት፤ ጎሳው ሁሉ ቦዬ የሚባለውን ሥራ ሥር የሚተክለው እዚያ ነው። ቪሊማይናም ባሏ ከሞተ ወዲህ አምስት ልጆቿን ያሳደገችው በዚያው እርሻ ነው። ክሮፍት የሚባል አንድ ነጭ፣ ሸንኮራ አገዳ ሊተክልበት መሬቱን ለዘጠና ዘጠኝ ዓመት ሊወስድ ቋመጠ። ግን ጊዜ አልነበረውም። መሬት መዝጋቢዎች በዐሥር ቀን ውስጥ ይመጣሉ ተብሏል፤ መሬቱ አንዴ በጎሳው ስም ከተጻፈ የመንደሩ ባላባት ብቻቸውን እሺ ብለው የሚሰጡት አይሆንም።

ይኸው ክሮፍት ቋንቋችንን አሳምሮ ይናገራል፤ ከወጋችን ግን የሚያውቀው ግማሹን ነበር። በእኛ አገር አንድ ሰው የዓሣ ነባሪ ጥርስ በገመድ አስሮ እጅ መንሻ ካቀረበና ጥርሱ ከተወሰደለት፣ ልመናው እምቢ አይባልም። ጥርሱን ተቀብሎ ልመናውን መንሳት ትልቅ ውርደት ነው። ይህቺን የመዝጋቢዎቹ ወሬ ሳይመጣ ሰምቶ፣ ሁለት ወር ሙሉ ደሴት ለደሴት ዞሮ፣ ከብዙ እጅ መነካት የቀላ አንድ ትልቅ ጥርስ አግኝቶ ነበር።

ወሬው ከሰውየው ቀድሞ ናቩሉ ደረሰ። ባላባታችን ራቱ ኢላይቲያ አርጅተዋል። "አባቴ የመጣለትን ጥርስ መልሶ አያውቅም፤ እኔም መመለስ አልችልም" ብለው አቀረቀሩ። ይህን ያሉት ለአፈ ቀላጤያቸው ለዋይሳኬ ነው። የሬዲዮው አፈ ቀላጤ እንዳይመስላችሁ! በወጋችን ባላባቱ ፊት እንግዳ ሲቀርብ፣ ስጦታውን የሚቀበለውም ቃሉን የሚመልሰውም አፈ ቀላጤው ነው። ዋይሳኬ ደግሞ የቪሊማይና ታናሽ ወንድም ነው።

ጠዋት ወንዝ ዳር ጠብቃ ያዘችው።

"አንተ፣ ያንን ጥርስ ልትቀበልለት ነው?"

"ባላባቱ ተቀበል ካሉኝ ምን አቅም አለኝ፣ እቴ?"

"እርሻው ከሄደ አምስቱን ልጆች ይዤ አንተ ቤት ነው የምገባው። እስክሞት ድረስም አላናግርህም!"

ዋይሳኬም "መሬቱ አይሄድም" አላት።

"እንዴት አድርገህ?"

"እሱን ገና አላውቀውም። ግን አይሄድም አልኩሽ፤ አለቀ።"

በማግስቱ ከረፋዱ ክሮፍት መጣ። እንግዳ መንደሩ ደጃፍ ላይ ቆሞ ማስፈቀድ አለበት፤ እሱ ግን ሰዓቱን እያየ ዘው ብሎ ገባ። በመንደራችን ውስጥ ባርኔጣ አድርጎ መሄድ ነውር ነው፤ ባርኔጣውን እንደ ደፋ ከባላባቱ ቤት ደረሰ። ሽማግሌዎቹ ሁሉ ምንጣፍ ላይ ተቀምጠዋል። እሱ በጫማው ምንጣፉን ረግጦ፣ ከራቱ ኢላይቲያ ራስ በላይ ተገትሮ "እንደምን አረፈዳችሁ?" አለ። ከባላባት ራስ በላይ መቆም! አያቴ ይህን ስትናገር ከስልሳ ዓመት በኋላም ፊቷ ይቀላ ነበር።

ቤቱ አጉረመረመ። በር ላይ የነበሩ ጎበዞች ከተቀመጡበት ተነሡ። ክሮፍት ነገሩ መክረሩን ሲያይ ደነገጠና፣ ልመናውን ሳይናገር ጥርሱን ከከረጢቱ መዥርጦ አወጣ። በሁለት እጁ ዘርግቶ "ይኸው! ይኸው! ተቀበሉኝ" አለ።

ራቱ ኢላይቲያ ዐይናቸውን ጨፈኑ። ቪሊማይና በመስኮት ሆና ታያለች፤ ወንድሟ በጉልበቱ ሄዶ ጥርሱን በሁለት እጁ ተቀበለ።

ዋይሳኬ ጥርሱን ፊቱ አስቀምጦ እንደ ወጉ ሦስት ጊዜ አጨበጨበ፤ ድምፁንም ከፍ አድርጎ እንዲህ አለ፦

"ይህ ጥርስ ስለ ባርኔጣው መጥቷል። ከባላባታችን ራስ በላይ ስለ ቆመውም እግር መጥቷል። ተቀብለናል፤ ጥፋቱ ተቀብሯል። እንዲህ አይደለም ወይ፣ ጌታው?"

ክሮፍት ከችኮላው ብዛት ከዚህ ሁሉ የሰማው "ተቀብለናል" የምትለዋን ብቻ ነው። ፊቱ በራ። "አዎ፣ አዎ! እንደሱ ነው! እግዜር ይስጥልኝ!" አለና ባርኔጣውን አውልቆ ተቀመጠ። ካርታውንም ምንጣፉ ላይ ዘረጋ።

"እንግዲህ ከወንዙ ጀምሮ እስከ ኮረብታው ድረስ ያለው መሬት..."

"በምን?" አለው ዋይሳኬ።

"እንዴት በምን? ጥርሱን ተቀብለኸኝ የለም እንዴ?"

"እሱማ የባርኔጣው ካሳ ነው። እርስዎ አዎ ሲሉ እነዚህ ሽማግሌዎች ሁሉ ሰምተዋል።"

"አንተ ሰው ታሾፍብኛለህ? ለአገረ ገዢው ነግሬ አሳስርሃለሁ! ጥርሴን መልስ!"

ዋይሳኬ ከተቀመጠበት ንቅንቅ አላለም። "ያስሩኝ። ጥርሱንም ካሻዎት እመልሳለሁ። ከተመለሰ ግን ጥፋቱም አብሮ ይመለሳል፤ ያን ጊዜ ከእነዚህ በር ላይ ካሉት ልጆች ጋር መነጋገር የእርስዎ ፈንታ ነው። መሬቱን መለመን ከፈለጉ ደግሞ ሌላ ጥርስ ይዘው፣ በወጉ አስፈቅደው ይምጡ።"

ክሮፍት ወደ በሩ ዞር ብሎ ጎበዞቹን አየ። ሌላ ሁለት ወር ከየት ያመጣል? ካርታውን ሰብስቦ ወጣ። መዝጋቢዎቹ በሰባተኛው ቀን መጡና መሬቱን በጎሳው ስም ጻፉት። ቪሊማይናም በዚያው ዓመት ቦዬዋን ቆፍራ ትልቁን ለዋይሳኬ ወሰደችለት።

የዚያን ዕለት ግን እንግዳው ከዐይን እስኪሰወር ሽማግሌዎቹ በበሩ በኩል ተመለከቱት። ከዚያ ራቱ ኢላይቲያ፣ በጉባኤ መካከል በአፈ ቀላጤያቸው ካልሆነ በቀር ቃል የማይወጣቸው ሰው፣ ጥርሱን ጭናቸው ላይ አድርገው እያሻሹ በገዛ አንደበታቸው እንዲህ አሉ፦ "የችኩል እንግዳ፣ እጅ መንሻው ለካሳ።"