ክዳኑን የሚያነሣው ሰው

አንድ ሰው ነበረ፤ እጁ አያርፍም። የጠየቅሽኝን አልረሳሁም፣ እኅቴ። «ልጄን ከመጠጥ እንዲያወጣልኝ ለእግዚአብሔር ሰጠሁት፤ ታዲያ ስለምን ልቤ አያርፍም?» ነው ያልሽኝ። እኔ ብዙ አልተማርሁም፣ መጽሐፍ ጠቅሼ ልመልስልሽ አልችልም። የዚህን ሰው ነገር ስሚኝ።

ሰውዬው የቆላ ገበሬ ነው። በመስኖ ውሃ ተራ ከታናሽ ወንድሙ ጋር ተጣላ። ጥፋቱ የራሱ ነበር፤ የወንድሙን ውሃ ወደ ማሳው መለሰው፣ የወንድሙ ሽንኩርት ደረቀ። ከዚያ ወዲያ አንድ ቤተ ክርስቲያን እየተሳለሙ አይተያዩም። ሽማግሌ ገብቶ፣ ብዙ ተደክሞ፣ ታናሽየው እሺ አለ። በዚያ አገር ግን እርቅ በአፍ አያልቅም። በዳዩ በገዛ እጁ ጋግሮ ያቀርባል፤ ሚስቱ ከነካችው አይቆጠርም። ተበዳዩ ከቀመሰ ታረቁ። ሳይቀምስ ከተነሣ ግን ሽማግሌ ዳግመኛ አይላክም።

የሚጋገረውም የታወቀ ነው፤ በጥቁር አዝሙድ፣ በኮረሪማና በበርበሬ የተለወሰ ትንንሽ ዳቦ። ማጥቀሻው የሁመር ነው። ያ ኮምጣጣ ፍሬ ተዘፍዝፎ፣ ታሽቶ፣ ተጣርቶ፣ ነጭ ሽንኩርትና ጨው ይገባበታል።

ሰውዬው ከጸሎት ተነሥቶ ሥራ ጀመረ። «ጌታ ሆይ፣ አንተ አብስልልኝ» ብሎ ዳቦውን ምጣዱ ላይ ደረደረ፣ ክዳኑን ገጠመ፣ ከክዳኑም ላይ ፍም አደረገ።

ቁጭ ከማለቱ ተነሣ። በስሎ ይሆን? ክዳኑን አነሣ፤ አልበሰለም። ገጠመው። ወደ ማጥቀሻው ሄደና ቀመሰ፤ ኮመጠጠው፣ ማር ጨመረ። ጣፈጠበት፣ ሁመር ጨመረ። ተመልሶ ክዳኑን አነሣ።

ሚስቱ ከበር ሆና ታየዋለች። «አንተ ሰው፣ ዶሮ እንኳ እንቁላሏ ላይ እንዲህ አትመላለስም!»

«ባይበላልኝስ?»

«እንዲህ ከሆነማ ውሻውም አይበላልህም።»

አልሰማትም። ክዳኑ በተነሣ ቁጥር ሙቀቱ ይወጣል፣ ከፍሙም አመድ እየረገፈ ዳቦው ላይ ይወርዳል። ሲያወጣው ላዩ አመድ፣ ውስጡ ሊጥ። ደጅ ጣለው። ሌላ ዱቄት በቤት የለም፤ የተረፈችውን ሊጥ ምጣዱ ላይ ደረደረና ክዳኑን ገጠመ። ወዲያው ደግሞ እጁ ወደ ክዳኑ ሄደ።

ታናሽ ወንድሙ ከተቀጠረው ሰዓት ቀድሞ ደረሰ። የተጣለውን ዳቦ ደጅ ላይ አይቷል። ገባ፣ እሳቱ ዳር ተቀመጠ፣ የታላቁን እጅ አንጓው ላይ ያዘ።

«ጋሼ፣ ተወው።»

«ቢቃጠልስ?»

«ይቃጠል። አመድ ከመብላት ይሻላል።»

አልለቀቀውም። ታላቅየው እጁ ቢያዝ እግሩ ይንቀጠቀጥ ጀመር። ከተጣሉ ወዲህ አንድ እሳት ዳር ሲቀመጡ ይህ መጀመሪያቸው ነው። ብዙ ዝም አሉ። በኋላ ታናሽየው እሳቱን እያየ፣ «ሽንኩርቱ የደረቀ ቀን፣ ጋሼ፣ እማሳው ውስጥ ተቀምጬ አለቀስሁ» አለ።

ታላቅየው ክዳኑን ረሳው። «በድዬሃለሁ» አለ። ለሽማግሌዎቹ ስንት ጊዜ ተናግሮታል፤ ለወንድሙ ግን አንድ ቀን ብሎት አያውቅም። አለቀሰ።

የአዝሙዱ ሽታ ቤቱን ሲሞላው ክዳኑን ያነሣው ታናሽየው ነው። አንዱን ዳቦ ቆርሶ ማጥቀሻው ውስጥ ነከረና ጎረሰ።

«ማሩ በዝቷል» አለ። ደግሞም ቆረሰ።

እኅቴ፣ አንቺም እንደዚያ ሰው ነሽ። ጠዋት ልጅሽን ለእግዚአብሔር ትሰጪና ማታ ሲገባ ትንፋሹን ታሸትቻለሽ፣ ኪሱን ትፈትሻለሽ። ክዳን ማንሣት ማለት ይህ ነው። ባነሣሽው ቁጥር ሙቀቱ ይሄዳል፣ አመዱም በልጁ ላይ ይወርዳል። ልብሽ ይረፍ አልልሽም፤ የሰውዬውም እግር አላረፈም። እጅሽን ብቻ ሰብስቢ፤ እሳቱን ጌታ ያውቀዋል። ዛሬ ሲገባ አታሽትቺው። አጠገቡ ተቀመጪና ዝም በይ። እስከ ዛሬ ስትፈትሺው ያልነገረሽ ነገር ይኖረዋል።