ሦስቴ የተባለው ምንጭ

ከእኛ አገር ወደ ደጋው ሲወጣ፣ ከቀይ አፈሩ ዳገት በታች፣ በጋ ከክረምት የማይጎድል ቀዝቃዛ ምንጭ አለ። ስሙ ሦስቴ ነው። ከምንጩ ራስ ላይ እንደ ጣባ የጎደጎደ ጥቁር ድንጋይ ተቀምጧል፤ የመንደሩ ሴቶች አረቄ ባወጡ ቁጥር የመጀመሪያዋን ጥቂት ጠብታ እዚያ ድንጋይ ላይ ይደፋሉ። እንግዳ ሰው «ውሃ እንዴት ሦስቴ ይባላል?» ብሎ መጠየቁ አይቀርም። እኔም ጠይቄ ነበር። የሰማሁትን እንደ ሰማሁት እጽፋለሁ፤ ብሳሳት የሚያውቅ ያርመኝ።

እንደሚነገረው፣ በጥንት ዘመን ትርንጎ የምትባል ሴት ከቆላ ተድራ ወደዚህ መንደር መጣች። ባሏ ቶሎ ሞተባትና ሦስት ሴቶች ልጆች ይዛ ቀረች። መሬት አልነበራትም፤ የነበራት አንድ ጋንና አንድ ረጅም ሸምበቆ ብቻ ነበር። መጀመሪያ ያወጣችው አረቄ ጭስ ጭስ ይል ስለነበር ጎረቤቶቿ «የትርንጎን አረቄ የጠጣ ምድጃ የላሰ ነው» እያሉ ይስቁባት ነበር ይባላል። እሷ ግን ሳትቀየም፣ ብቅሉን እየለወጠች፣ ጌሾውን እየመጠነች፣ ጆሮዋን ወደ ሸምበቆው አስጠግታ ጠብታውን እያዳመጠች ዓመታት ቆየች። ጠብታው ሲቸኩል እሳቱን ትቀንሳለች፣ ሲዘገይ ትጨምራለች። በኋላማ ጎረቤት ቤት ተቀምጣ የራሷን ጠብታ ትሰማ ነበር የሚሉም አሉ፤ ይህን እንኳ ያጋነኑት ይመስለኛል።

በዚያ አገር፣ እንደ ሌላውም ሁሉ፣ አረቄ ሁለት ዓይነት ነበር። ከጥንስሱ አንድ ጊዜ የወጣው ተራ ይባላል፤ ተራው ተመልሶ ጋን ገብቶ ሁለተኛ ሲወጣ ዳግም ይባላል። የትርንጎ ዳግም ስሙ ከገበያ ገበያ ዞረ።

አንድ ቀን የአገሩ ገዥ የቀኛዝማች አንዳርጌ ባልደራስ፣ ትርንጎ ውሃ ልትቀዳ በወረደችበት ጊዜ ቤቷ ገባና፣ ሰው ይጎዳል ብላ ልትደፋው ለይታ ያስቀመጠችውን የመጀመሪያ ጠብታ ጨለጠው። ሲመለስ ከፈረሱ ወድቆ እግሩ ተሰበረ። ቀኛዝማችም ተቆጥተው መልእክተኛ ላኩባት።

«ስሚ ትርንጎ! ዳግም አረቄ እንዳታወጪ ተብለሻል። ብታወጪ ጋንሽ ይሰበራል፣ አንቺም ከነልጆችሽ ከአገር ትወጫለሽ።»

«ምን አልክ? ቃሉን እስቲ ድገምልኝ።»

«ዳግም አረቄ እንዳታወጪ!»

«እሺ፣ ሰምታለች በልልኝ።»

ሽማግሌዎች ሲያስረዱ፣ መልእክተኛው «ዳግመኛ» ብሎ ቢሆን ኖሮ ነገሩ እዚያው ባለቀ ነበር ይላሉ። በሳምንቱ ግን ከትርንጎ ቤት የአረቄ ጭስ ታየ። ጭፍሮች ጋኗን አንጠልጥለው፣ እሷንና ልጆቿን ነድተው፣ ቀኛዝማች ከአገር ሽማግሌዎች ጋር ለችሎት ወደተቀመጡበት ወደ ምንጩ አመጡ። አንደኛው ዱላውን ከጋኑ በላይ አንሥቶ ቃል ይጠብቅ ነበር።

«ዳግም አታውጪ አላልኩሽም?» አሉ ቀኛዝማች።

«ብለውኛል ጌታዬ። አላወጣሁም። ይህ ሦስቴ ነው።»

ከሽማግሌዎቹ አንዱ «አንቺ ሴት፣ በሁለት ሳያልፉ ሦስት ይደረሳል እንዴ?» አላት።

«አባቴ፣ ዳግሙማ ከአዋጁ በፊት የወጣ ነው። ልደፋው ሳሳሁና መልሼ ጋን ከተትኩት።»

ሽማግሌዎቹ አፋቸውን በጋቢያቸው ሸፈኑ። ቀኛዝማች ግን አልሳቁም። «በቃሌ ትጫወቻለሽ?» አሉ።

«ጌታዬ፣ ፊደል አልቆጠርኩም፤ የሰማሁትን ነው የሠራሁት። አሽከርዎን የጣለው እኔ የምደፋው ጠብታ ነው። ለሰው የምሰጠው ይኸውና፣ እፊትዎ ልጠጣው። ከዚያ እንስራ ሙሉ ውሃ ሳልከድን አዝዬ ይህን ዳገት ልውጣ። ጠብ ካለ ጋኔን ይስበሩት፤ እኔም ልጆቼን ይዤ እሄዳለሁ።»

ሦስት መለኪያ ጠጣች፤ እንስራውን እስከ አፉ ሞልታ አዘለችና ወጣች። ቀኛዝማች ቀዩን ደረቅ አፈር እየመረመሩ ከኋላዋ ተከተሉ። ዳገቱ ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው መልእክተኛው «ፈሰሰ! ይኸው ፈሰሰ!» ብሎ ጮኸ። እውነትም አንዲት ርጥብ ነጥብ ነበረች። ቀኛዝማች ጎንበስ ብለው በጣታቸው ነክተው ቀመሷት።

«ጨው ጨው ይላል። ላቧ ነው» አሉ። «ጋኑን መልሱላት።»

ከዚያ ወዲህ በዚያ መንደር ሦስት ጊዜ ያልወጣ አረቄ ለሰው እንዳይቀርብ፣ የመጀመሪያው ጠብታም ማንም እንዳያገኘው በጥቁሩ ድንጋይ ላይ እንዲደፋ ተደነገገ፤ ችሎቱ የተቀመጠበት ምንጭም ሦስቴ ተባለ። መልእክተኛውም ትእዛዝ ይዞ ከመሄዱ በፊት ቃሉን ሦስት ጊዜ እንዲደግም ተገደደ ይላሉ።

ትርንጎ በእርግጥ የሰማችው እንደዚያ ነበር ወይስ ዐውቃ ነው? ሁለት አዛውንት ጠይቄያለሁ። የልጆቿ ዘር የሆኑት «እሷ ተንኮል አታውቅም» አሉኝ። ሌላው «ጠብታ በጆሮዋ የምትለይ ሴት ቃል ይጠፋታል?» ብለው ጠየቁኝ። እኔ መለየት አልቻልኩም።

በሌላው አገር ሰው ሲለያይ «ዳግም ያገናኘን» ይባባላል። በዚያ መንደር ግን እስከ ዛሬ «ሦስቴ ያገናኘን» ነው የሚባለው፤ ሳያውቅ «ዳግም» ያለ እንግዳ ካለ፣ ምንጩ ዳር የተቀመጡት ሴቶች «ያ ከአዋጁ በፊት ነው!» ብለው ይስቁበትና፣ ቃሉን አርሞ ሳይናገር ዳገቱን አያስወጡትም።