ባለ እንቅርቱና አንገተ ብርሌዋ

አንገቱ ያበጠ አንድ ገበሬ ነበረ።

መምህር ይስማው ነገሩን የጀመሩት እንዲህ ነው። ውብርስት የምትባል የነርስነት ተማሪ ጥያቄ አቅርባላቸው ነበር። በትምህርት መጽሐፏ ውስጥ የታይሮይድ ዕጢ ሕመም ሁሉ በአማርኛ «እንቅርት» ተብሏል፤ በአገሯ ግን እንቅርት የሚባለው የአንገት እብጠት ብቻ ነው። ሁለቱ አንድ ናቸው ወይ? በሽተኛ ፊት ስትቀርብስ እንዴት ብላ ትናገር? መምህሩ መነጽራቸውን አውልቀው ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡ። መልሱ አጭር እንደማይሆን ተማሪዎቻቸው የሚያውቁት በዚህ ነበር።

ገበሬው የሚኖረው ዝናብ በሚበዛበት፣ ጎርፍ አፈሩን አጥቦ በጨረሰው ደጋ ነው። በዚያ አገር እንቅርት ብርቅ አይደለም፤ የእሱ ግን ከሁሉም ይበልጥ ነበር። ከጉልምስናው ጀምሮ ቀስ እያለ አድጎ ከአገጩ ሥር እንደ ትንሽ ቅል ተንጠልጥሏል። አሞት አያውቅም። ያርሳል፣ ያጭዳል፣ ይበላል፣ ሠርግ ላይ ይዘፍናል፤ ድምፁም ከወንዝ ማዶ ይሰማል። ሆኖም አገሬው «ባለ እንቅርቱ» እያለ ያዝንለታል። ደቦ ሲወጡ ከባዱን ሥራ አይሰጡትም። ድግስ ላይ ነፋስ በማይገባበት መደብ ያስቀምጡታል። አማቱ በየበዓሉ አንገቱን የሚቀባው ለጋ ቅቤ ትልክለታለች። እሱም ከጊዜ ብዛት ራሱን እንደ በሽተኛ ቆጠረ። በበሽታው የተከበረ ሰው ለመዳን አይቸኩልም።

ሚስቱ ደግሞ በሠርጓ ቀን «አንገተ ብርሌ» ተብሎ የተዘፈነላት ሴት ናት። አንገቷ ቀጥ ያለና ለስላሳ ነው፤ እብጠት የሚባል አያውቅም። ባሏ በዚህ አንገት ይኮራ ነበር። የእሱ ጉድለት በእሷ የተካሰ ይመስለው ነበር።

ሦስተኛ ልጃቸውን ከወለደች በኋላ ሴትዮዋ ተለወጠች። ቀድሞ ጎረቤት ሳይነሳ ውሃ ቀድታ የምትመለሰው፣ አሁን ፀሐይ ካልሞቀ ከመደቧ አትነሳም። በቀትር ጋቢ ትደርባለች። ጥጥ እየፈተለች እንቅልፍ ይወስዳትና እንዝርቱ ከእጇ ይወድቃል። ድምፅዋ ጎረነነ፣ ፊቷ ነፋ፣ ፀጉሯ ከማበጠሪያው ጋር ይወጣ ጀመር። የምትበላው ትንሽ ነው፤ ገላዋ ግን ይከብዳል። አገሬው ለዚህ ስም ለማውጣት አልተቸገረም፤ ጠገበች አለ። ጎረቤቶቿ፣ «እኛም እየታመመ የሚያበላ ባል ብናገኝ እንዲህ እንወፍር ነበር» ይሉ ነበር፤ እሷ እየሰማች።

ባልየው መጀመሪያ መከራት፣ ቀጥሎ ተቆጣ፣ በመጨረሻ ዝም አለ። ዝምታው ከቁጣው የከፋ ነበር፤ ዝም ባለበት ጊዜ ሽማግሌ ሲመርጥ ነበርና። ሚስቱን ፈትቶ ወደ አባቷ ቤት ሊመልሳት፣ ልጆቹን ግን ሊያስቀር ቆርጧል። ሽማግሌዎቹ ሲሰበሰቡ ክሱን ባጭሩ አቀረበ። እሱ በሽተኛ ሆኖ ይሠራል፤ እሷ ጤነኛ ሆና ትተኛለች። ሽማግሌዎቹ የእሱን አንገት አዩ፣ የእሷን አንገት አዩ፤ ክሱም እውነት መሰላቸው። ሴትዮዋ ስለ ራሷ እንድትናገር ተጠየቀች። ይበርደኛል ከማለት በቀር የምትለው አላገኘችም።

አባቷ ብቻ አንድ ነገር ለመኑ። ልጃቸው ሰነፍ ሆና እንዳላደገች፣ ከመፈታቷ በፊት ሐኪም ቢያያት ቅር እንደማይላቸው ተናገሩ። ሽማግሌዎቹ ለመስቀል ማግስት ቀጠሮ ሰጡ። ባልየውም አልተቃወመም። ከተማ ከወረደ አይቀር እሱም አንገቱን ያሳያል።

በከተማው ሐኪም ቤት ያየቻቸው ወጣት ሐኪም ነበረች። ባልየው ቀድሞ ገባ። ሐኪሟ ውሃ እያስዋጠች አንገቱን ዳሰሰች። መዋጥ ያስቸግረው እንደሆነ፣ ትንፋሽ ያጥረው እንደሆነ፣ ልቡ ይመታ እንደሆነ ጠየቀችው። ሁሉም ደህና ነው አላት፤ ደህና መሆኑ ትንሽ እያሳፈረው። ሚስትየዋን ግን ብዙ ጠየቀቻት፣ ብዙም አየቻት። ከሁለቱም ደም አስቀዳች።

ውጤቱ በመጣ ጊዜ ሁለቱንም አስቀምጣ አስረዳቻቸው። በሰው አንገት ውስጥ ታይሮይድ የምትባል ዕጢ አለች። የእሱ ዕጢ ያበጠችው ከምግቡ አዮዲን ስላጣች ነው፤ ሥራዋን ግን በደንብ ትሠራለች። ስለዚህ መድኃኒት አያስፈልገውም፤ አዮዲን ያለበትን ጨው ይግዛ፣ እብጠቱ ጉሮሮውን ከተጫነው ተመልሶ ይምጣ። የሚስቱ ዕጢ ደግሞ ሳታብጥ ደክማለች። ገላን የሚያሞቀውንና የሚያነቃውን፣ ሆርሞን የሚባለውን ቅመም መሥራት ትታለች። ለዚህ የሚተካ ክኒን አለ፤ በየማለዳው በባዶ ሆድ፣ ዕድሜ ልክ ይዋጣል።

ነገሩ በደንብ ተነግሯል። ችግሩ የመጣው ከመድኃኒት ቤቱ መስኮት ላይ ነው። የመድኃኒት ቤቱ ሠራተኛ ሰልፍ በዝቶበት፣ ብልቃጡን ሲያቀብላቸው፣ «የእንቅርት መድኃኒት ነው፤ ጠዋት ጠዋት በባዶ ሆድ» ብሎ አሳጠረው። ባልየው ከሐኪሟ ረጅም ንግግር ሁሉ ይልቅ ይህች አንዷ ቃል ገባችው።

መንገዱን ሙሉ ሲያስብ ሄደ። ከሁለታቸው እንቅርት ያለው ማን ነው? እሱ ነው። የእንቅርት መድኃኒት የተሰጠው ለማን ነው? ለእሷ። ሐኪሟ ገና ልጅ ናት፣ ሰውም በዝቶባታል፤ ተሳስታ አገላብጣዋለች። ጨዋ ሰው ስለሆነ ተመልሶ ሊያሳፍራት አልወደደም። ቤቱ ሲገባ ስሕተቱን ራሱ አቃናው። ብልቃጡን ለራሱ ወሰደ፤ የገዛውን ጨው ለሚስቱ ሰጣት።

ሚስቱ መድኃኒቱ ለእሷ እንደታዘዘ በዚያ በጎረነነ ድምፅዋ ተናገረች።

«እስቲ አንገትሽን ዳብሺ» አላት።

ዳበሰች። ምንም አልነበረበትም። ክርክሩ በዚህ አለቀ።

ክኒኑ ከምስር ፍሬ ያነሰ ነው። ለእንዲህ ያለ እንቅርት ይህች አንዲት ፍሬ መቀለጃ መሰለችው፤ ሁለት ዋጠ፣ ቆየት ብሎ ሦስት አደረገው። መጀመሪያ ላይ ተአምር ነበር። ዶሮ ሳይጮኽ ይነሳል፣ የሁለት ሰው እርሻ ያርሳል፣ መንገድ ላይ ሰው እያስቆመ የሐኪም ቤቱን መድኃኒት ያመሰግናል። ቀጥሎ እጁ መንቀጥቀጥ ጀመረ። ቀንበር ሲጠምድ ጠፍሩን ማሰር አቃተው። በውርጭ ማለዳ ያልበዋል። እንደ አንበጣ እየበላ ይከሳል። በትንሽ ነገር ይቆጣል፤ የልጆቹ ሳቅ እንኳ ያስደነግጠዋል። እንቅርቱ ግን እንዳለ ነው። ጎረቤቶቹ «በእንቅርት ላይ ጆሮ ደግፍ» እያሉ ከንፈር መጠጡለት። እሱም በሽታው ከመድኃኒቱ ጋር እየተዋጋ ነው ብሎ ራሱን አጽናና።

ሴትዮዋ በዚህ መካከል ጨዉን ትበላለች። እግሯ አብጦ ደጃፉን መሻገር ያቅታት ጀመር። የትልቋን ልጇን ስም ለመጥራት አፏን ከፍታ ስሙ እስኪመጣላት የምትቆይበት ቀን መጣ።

የመስቀል ማግስት ደረሰ። ሽማግሌዎቹ መጥተው ከግቢው ግራር ሥር ተቀመጡ። ያዩት ነገር ግራ አጋባቸው። ከሳሹ ሸሚዙን ከፍቶ በላብ ተጠምቋል፣ አንድ ቦታ መቀመጥ አልቻለም። ተከሳሿ ፀሐይ ላይ በጋቢ ተጠቅልላ አንቀላፍታለች። ከሽማግሌዎቹ አንዱ የሐኪም ቤቱ መድኃኒት ምን አደረገላት ብለው ጠየቁ። ባልየው ሐኪሟ እንደተሳሳተች፣ እሱ ግን በጊዜ ደርሶ እንዳስተካከለው፣ መድኃኒቱንም ያለማቋረጥ እየዋጠ እንደሆነ በኩራት አስረዳ።



«የልጄን መድኃኒት ነው የምትውጠው?» አሉ አማቱ፣ የሴትዮዋ አባት።

«የእንቅርት መድኃኒት ነው፣ አባባ። እዚህ ግቢ ውስጥ እንቅርት ያለው ማን ነው?»

ሽማግሌዎቹ እርስ በርስ ተያዩ። አነጋገሩ ስሕተት የለበትም፤ ከመካከላቸው ሁለቱ በመስማማት ራሳቸውን ነቀነቁ። አማቱ፣ «ፍታት ብዬ አለመለመኔ ነው የሚያስቆጨኝ፤ አንተ በቁሟ እየበላሃት ነው» ብለው ተነሡ። ነገሩ ወደ ጠብ ሊዞር ነበር።

ያን ጊዜ ሴትዮዋ ዓይኗን ገለጠች። ጋቢዋን እየጎተተች፣ ቀስ እያለች፣ ሁሉም እስኪጠብቃት ድረስ ቀስ እያለች፣ ከባሏ አጠገብ መጥታ ተቀመጠች። የሚንቀጠቀጠውን እጁን ይዛ ጣቶቹን ከእጇ አንጓ ላይ፣ የደም ሥሯ ከሚመታበት ላይ አስቀመጠች።

«አንቱ፣ እስቲ ይስሙት» አለችው።

ባልየው የታመመ በሬ ጆሮውን ዳብሶ የሚያውቅ ሰው ነው። ጣቱን ጫን አድርጎ ጠበቀ። ምንም አልነበረም። ከዚያ አንድ ጊዜ መታ። ዝናብ ካባራ በኋላ ከክዳን ጫፍ እንደምትንጠባጠብ ውሃ፣ ቀጣዩ ይመጣል ሲሉት ይቆያል፤ ቆመ ሲሉት ይመጣል። የእጇ ቆዳም ከድንጋይ ይቀዘቅዝ ነበር። ቀጥላ ጣቶቹን አንሥታ በራሱ አንጓ ላይ አኖረችለት። እዚያ ደግሞ የተቀመጡበት በቅሎ ደንግጦ በኮረብታ ቁልቁል ይጋልብ ነበር።

ገበሬው አንዴ የእሷን አንዴ የራሱን እየያዘ ብዙ ቆየ። 

«የአንቺን ነው የወሰድኩት» አለ በመጨረሻ። ብልቃጡን ከኪሱ አወጣ፤ በሚንቀጠቀጥ እጁ ሊያቀብላት ሲል ግማሹ ሣሩ ላይ ፈሰሰ። ሽማግሌዎቹ ተንበርክከው ይለቅሙ ጀመር።

በማግስቱ ሁለቱም ወደ ሐኪሟ ተመለሱ። ሐኪሟ ለብዙ ጊዜ ተቆጣች። የሰው መድኃኒት መዋጥ ልብን ሊያቆም እንደሚችል፣ ሴትዮዋም ትንሽ ብትቆይ ኖሮ ከእንቅልፏ ላትነቃ ትችል እንደነበር ነገረችው። ባልየው አንገቱን ደፍቶ ሰማ። አንድ ነገር ብቻ አልገባውም ነበርና ጠየቀ፤ እንቅርት ያለበት እሱ አይደለም ወይ?

«እርስዎ ነዎት» አለችው። «እንቅርቱ የእርስዎ ነው፤ በሽታው የእሷ ነው።»

ክኒኑን ከተወ በኋላ መንቀጥቀጡ ቀስ በቀስ ለቀቀው። ሴትዮዋ ለመዳን ከእሱ ይልቅ ብዙ ጊዜ ወሰደባት። በበጋው አጋማሽ ግን ጋቢዋን አጥባ ሰቅላ፣ በነጠላ ብቻ ገበያ ወጣች። ሽማግሌዎቹ ተመልሰው መጡ፤ በዚህ ጊዜ የጠየቁት እሷን ነበር። ልትኖር ትወዳለች ወይስ ልትሄድ? ሴትዮዋ ሳትቸኩል አሰበችበት፤ አሁን ሳትቸኩል የቀረችው ስለወደደች ነው። እኖራለሁ አለች፤ ነገር ግን ብልቃጡ በሣጥኗ ውስጥ ይቀመጣል፣ የሣጥኑም ቁልፍ ከመቀነቷ ላይ ይታሰራል። ባልየው ተስማማ። ከዚህ ሁሉ የጎደለበት አንድ ነገር ነው። ደቦ ላይ ከሌላው እኩል ድንጋይ ያሸክሙት ጀመር።

መምህር ይስማው ታሪኩን በዚህ ጨረሱ። ውብርስት እስክሪብቶዋን እንደያዘች ናት፤ የጻፈችው ግን አልነበረም።

«እንግዲያው እንቅርት የሚለውን ቃል እንተወው ማለት ነው፣ መምህር?» አለች።

«ለምን ተብሎ? ሰውየው እኮ እንቅርት አለበት። ቃሉ አልዋሸም፤ የማያውቀውን እንዲመልስ አስገደዱት እንጂ። ያቺን ዕጢ እንደ ምድጃ አስቢያት፣ ልጄ። እንቅርት ማለት ምድጃው ሰፋ ማለት ነው። እሳቱ ደህና ይነድ እንደሆነ፣ ቤቱን ሊያቃጥል እንደሆነ፣ ወይም ጠፍቶ አመድ ሆኖ እንደሆነ ቃሉ አይነግርሽም። በሰፊ ምድጃ ላይ ልክ የሆነ እሳት አለ፤ የገበሬው እንዲያ ነበር። በሰፊው ላይ የሚንቀለቀልም፣ የሚጠፋም አለ። ከውጭ ሲያዩት ምንም ባልሆነ ምድጃ ላይም እሳቱ ሊሞት ይችላል። መጽሐፍሽ ይህን ሁሉ በአንድ ስም ጠራው፤ የመድኃኒት ቤቱም ሰው እንደ መጽሐፍሽ ተናገረ፤ ገበሬውም እንደ አገሩ ሰማ። ሦስቱም አማርኛ አያንሳቸውም።»

«እኔስ በየትኛው ልናገር?»

«እብጠቱን እንቅርት በይው፤ ሰው የሚያውቀውን ስም አትንጠቂው። ሕመሙን ግን በሥራው ጥሪው፤ ዕጢዋ ሥራ አበዛች፣ ወይም ዕጢዋ ሥራ አቆመች በይ። ረዘመብኝ ብለሽ አታሳጥሪው።»

መነጽራቸውን አንሥተው አጠለቁ።

«አንድ ቀን ጤና ጣቢያሽ ውስጥ አንገቱን ገልጦ የሚያሳይሽ ሰው ይመጣል። አክብረሽ እይለት። ከዚያ ከኋላው በጋቢ ተጠቅልላ የተቀመጠችውን፣ ማንም ታማለች ያላላትን፣ ጠጋ በይና አንቺስ በያት።»