ጋቢውን ለአራት የተካፈሉት

አንድ ሸማኔ ነበረ፤ አያ ይመር ይባላል። ብርዱ አጥንት ድረስ በሚዘልቅ ደጋ አገር ይኖር ነበር። ይህን ታሪክ መጀመሪያ ስሰማው ደሜ ፈልቷል፤ ዛሬ ሳወራውም ይፈላል። ስለዚህ ድምፄ ከፍ ቢል አትቀየሙኝ።

በዚያው መንደር አንድ ገበሬ ከሚስቱ ከእማማ አንጓችና ከአራት ልጆቹ ጋር ይኖር ነበር። ገበሬው አንድ ጋቢ ነበረው። ጥጡን ፈልቅቃ፣ አባዝታ፣ በእንዝርት የፈተለችው እማማ አንጓች ናት፤ ሁለት ክረምት ፈጅቶባታል። የሸመነው አያ ይመር ነው። ያ ጋቢ በቤቱ ውስጥ የበረደው ሰው ሁሉ መልበሻ ነበር። ልጅ ሲያተኩሰው ልጁ ላይ ይጣላል፤ እንግዳ ሲያድር እንግዳው ይለብሰዋል፤ አባትየው ለቅሶ ሲሄድ ይከናነበዋል። አራቱም ልጆች ሲወለዱ የታቀፉት በዚሁ ጋቢ ነው።

ገበሬው ሊሞት ሲል ልጆቹን ጠርቶ «ጋቢዬ የአራታችሁም ነው» አላቸው። ይኸው ነው ያለው። ምን ይጎድለዋል? የአራታችሁም ነው ማለት የበረደው ይልበሰው ማለት ነው፤ በዚያ ቤት ሌላ ትርጉም ኖሮት አያውቅም። እነሱ ግን የአባታቸው አርባ እንኳ ሳይወጣ «ድርሻዬን!» እያሉ ተነሡ።

ትልቁ «በኩሩ እኔ ነኝ» አለ። ሁለተኛው «አባቴን ያስታመምኩት እኔ ነኝ» አለ። ሦስተኛዋ ሴት ናት፤ «ሴት ብሆን ልጁ አይደለሁም እንዴ?» አለች፤ እሷስ እውነቷን ነው። ታናሹ ደግሞ «እኔን ነበር አብልጦ የሚወደኝ» ብሎ አለቀሰ። ሽማግሌ ተቀመጠ። ሽማግሌዎቹ ከጠዋት እስከ ቀትር ተከራክረው «እኩል ይካፈሉ» ብለው ፈረዱና ነጠላቸውን አራግፈው ሄዱ። ሽማግሌ ተብለው እኮ ነው! ከመካከላቸው አንዱ እንኳ «እናታቸውስ ምን ትልበስ?» ብሎ አልጠየቀም።

«ልጆቼ፣ ክረምቱ እኮ እየመጣ ነው» አለቻቸው እማማ አንጓች።

«ላንቺ ሌላ እንገዛልሻለን» አሏት፣ አራቱም በአንድ አፍ። የተስማሙት በዚህ ብቻ ነው፤ እሱንም አላደረጉትም።

ጋቢውን ተሸክመው አያ ይመር ዘንድ ሄዱ። እሱ እንደ ልማዱ እግሩን ጉድጓዱ ውስጥ ከትቶ መወርወሪያውን ወዲህና ወዲያ ያቀብላል።

«አያ ይመር፣ ይህን ለአራት ለይልን» አለ ትልቁ።

«ምኑን ነው የምለየው?»

«ጋቢውን ነዋ! እሱ አራት እጥፍ ነው፣ እኛም አራት ነን። እንዲያውም የተመቸ ነው።»

አያ ይመር መወርወሪያውን አስቀመጠ። «ስሙኝማ ልጆች። አንድ እጥፍ ሲሆን ነጠላ ነው። ሁለት ሲሆን ኩታ ይባላል። አራት ሲሆን ነው ጋቢ የሚሆነው። ጥጡ ያው ጥጥ፣ ድርና ማጉም ያው ነው፤ ስሙንም ሙቀቱንም የሚሰጠው እጥፉ ነው። ብለየው እያንዳንዳችሁ ሩብ ጋቢ የምትይዙ እንዳይመስላችሁ። ነጠላ ነው የምትይዙት።»

«ሸማኔ ስለ ውርስ ምን ያውቃል? አንተ የታዘዝከውን ሥራ!» አለው ሁለተኛው።

እኔ የምበግነው እዚህ ላይ ነው። ሙሽሮቻቸውን ያለበሰ፣ የሬሳቸውን መገነዣ ሳይቀር የሸመነ ሰው አፉን ሲከፍት «ሸማኔ ምን ያውቃል» ይባላል! ልብሱን ለብሰውት ሠሪውን ይንቁታል። አያ ይመር ደጋግሞ ነገራቸው፤ እነሱ ጆሮ ዳባ ልበስ አሉ። በመጨረሻ ታከተውና ስፌቱን ተርትሮ አራቱን አደላቸው።

ትልቁ የእሱን እየለበሰ ሸንጎ ለሸንጎ ዞረበት፤ በየሳምንቱ በፈላ ውኃ ሲታጠብ ተኮማትሮ ከጉልበቱ በላይ ቀረ። ሁለተኛው ከምድጃው አጠገብ መጋረጃ አደረገው፤ ጭስ ጠጥቶ ጠቆረ። ሴቷ ቀይ ቀለም ነከረችውና ዳር ዳሩን ጥልፍ አስጠለፈችበት፤ ለበዓል ታምርበታለች። ታናሹ ደግሞ «የአባቴ ማስታወሻ ነው» ብሎ ሣጥን ውስጥ ቆለፈበት፤ ብል ቆሎ እንደሚበላ ሰው ረጋ ብሎ በላው።

ሐምሌ ገባ። ዝናቡ በረዶ ቀላቅሎ ይወርድ ጀመር። እማማ አንጓች ብርድ ደረቷ ውስጥ ገብቶ ተኛች፤ ስትስል ጎረቤት ይሰማል። ልጆቿ አልጠየቋትም እንዳልል ጠይቀዋታል። ሰኞ ትልቁ መጣና ነጠላውን ጣል አደረገላት፤ መንቀጥቀጧን አልተወችም። «ይሄ ምንም አይሠራላትም» ብሎ መልሶ ይዞት ሄደ። ረቡዕ ሁለተኛው መጣ፤ እንደዚያው ሞክሮ እንደዚያው ይዞት ሄደ። ሴቷ ዐርብ መጣች፣ ታናሹ እሑድ። አራቱም ነጠላ እንደማያሞቅ በየግላቸው አረጋገጡ። ወይ አበሳ! በአንድ ቀን መምጣት ምን ገደላቸው?

በሳምንቱ አያ ይመር ሊጠይቃት ቢገባ ጆንያ ለብሳ አገኛት። በእጇ ሁለት ክረምት የፈተለች ሴት፣ ጆንያ! ያ ዝምተኛ ሰው እንደ እብድ እየጮኸ በየቤታቸው ዞረ። «ነጠላችሁን ይዛችሁ ኑ! አሁኑኑ! እናታችሁ ልትሞት ነው!» እያለ አራቱንም እሷው ቤት ሰበሰባቸው።

አራቱን ጨርቆች መሬት ላይ አነጣጥፎ ሊሰፋ ቢል ጨርቆቹ እንቢ አሉት። አንዱ አጥሯል፣ አንዱ ጠቁሯል፣ አንዱ ቀልቷል፣ አንዱ ተበሳስቷል። ዳራቸው አይገጥምም። «ከአንድ ድር የወረዱ ናቸው እኮ» አለ አያ ይመር፣ ዕንባው መጣ። ቢሆንም መርፌውን አነሣ።

ይሄኔ ልጆቹ ምን ቢሉ ጥሩ ነው?

«የእኔ ከላይ ይሁን፤ በኩሩ እኔ ነኝ» አለ ትልቁ።

«ያንተማ አጭር ነው! ጥልፍ ያለው የእኔ ነው፤ ሰው ቢገባ የሚታየው እሱ ይሁን» አለች ሴቷ። ሁለተኛው ጮኸ፣ ታናሹም ጮኸ። እናታቸው እዚያው አጠገባቸው ጥርሷ ይንገጫገጫል።

እማማ አንጓች በስንት መከራ አፏን ከፈተች። «ላይኛውን እኔ አላየውም። ገላዬን የሚነካኝ የታችኛው ነው።»

ጸጥ አሉ። አፍረው ዝም ያሉ መስሏችሁ ይሆናል። ኧረ ወዲያ! ትልቁ «እንግዲያው የእኔ ከታች ይሁን» አለ፤ ሦስቱም «የለም፣ የእኔ ነው ከታች!» ብለው ተነሡበት። አያ ይመር መርፌውን ወርውሮ ጭንቅላቱን ያዘ።

እማማ አንጓች ተነሥታ ተቀመጠች። «ይመር፣ መርፌውን አምጣ» አለችው።

«እትዬ አንጓች፣ እርስዎ እኮ ታመዋል።»

«አምጣ አልኩህ።»

አነሣላት። ጨርቆቹን በዳበሳ ሰበሰበች። ዐይኗ ከደከመ ቆይቷል፤ ቀዩን ከጥቁሩ አትለይም። እጇ የገባውን ከታች፣ ቀጥሎ የገባውን ከላይ እያደረገች ደራረበቻቸው። በሻካራ ስፌት ሰፋቻቸው፤ አንዱ ዳር ወጣ፣ አንዱ ዳር ገባ። ልጆቹ ከላይ የማን እንደሆነ እያዩ፣ ይሄኔ «የእኔ ይሁን» ማለት ተዉ።

ስትጨርስ ጫፉን በጣቶቿ እየለየች ቆጠረች። «አራት ናቸው?» ብላ ጠየቀች።

«አራት ናቸው፣ እማዬ» አለ ታናሹ እያለቀሰ።

«እንግዲያው ጋቢ ነው» አለችና ተከናንባ ተኛች። ትንሽ ቆይቶ መንቀጥቀጧ ቆመ።

ትምህርቱን ደግሞ በግልጽ ልናገረው፤ ይገባቸዋል ብዬ ብተወው የማይገባው ሰው ስንት እንደሆነ አይቻለሁ። ያ ጋቢ ከመንደሩ ወጥቶ አያውቅም። አራቱም እጥፍ እዚያው ነበር፤ አንዱ ሸንጎ፣ አንዱ ምድጃ ዳር፣ አንዱ በዓል ላይ፣ አንዱ ሣጥን ውስጥ። ሁሉም ድርሻውን በእኩል አግኝቷል፤ ፍርዱም ትክክል ነበር። እናትየዋ ግን ጆንያ ለበሰች። ከአባት የወረስነውን ነገር ሁሉ፣ ልብሱንም ወጉንም አገሩንም፣ «ድርሻዬ የቱ ነው?» እያልን ስንተረትረው፣ በእጃችን የሚቀረው የሚያምር ነጠላ ነው። ያምራል፣ አያሞቅም። ከተተረተረ በኋላ መልሶ መስፋት ይቻላል፤ እንደ ድሮው ግን አይገጥምም። ለምን እስከዚያ እንጠብቃለን?

እስቲ እናንተ ደግሞ ሣጥናችሁን ከፍታችሁ እዩ። ከአባታችሁ ጋቢ የያዛችሁት እጥፍ የት ነው ያለው? ቤት ውስጥስ የበረደው ማን ነው?